ከሰማይ የወረደው አመድ

ትናንት ላይት ሬል ባቡር ውስጥ አጠገቤ ከተቀመጠችው ሴት ፀጉር የኮኮናት ዘይት ሲሸተኝ የጓደኛዬ የሊና አያት ትዝ አሉኝ። ከማርሻል ደሴቶች የመጡ፣ ፀጉራቸውን ይህንኑ ዘይት የሚቀቡ፣ ኮሎምቢያ ሲቲ በሚባለው ሰፈር ጎረቤታችን የነበሩ ሴት ናቸው።

ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። በረዶ ጥሎ ትምህርት ቤት ተዘጋና እኔና ሊና ደጅ ወጥተን በረዶውን በምላሳችን እንቀበል ጀመር። አያቷ እየጮኹ ወጡ። የሁለታችንንም አፍ በቀሚሳቸው እየጠረጉ በቋንቋቸው አንድ ነገር ይደጋግማሉ።

"ምን እያሉ ነው?" አልኳት።

"አትዋጡት ነው የሚሉን" አለች ሊና አፍራ። "ልጅ እያሉ ደሴታቸው ላይ ነጭ አመድ ዘነበ። ተጫወቱበት። ከዚያ ፀጉራቸው ረገፈ።"

ቤት ገብቼ ለአባቴ ስነግረው ፊቱ ተለዋወጠ።

"የዚሁ አገር ወታደሮች የኑክሌር ቦምብ ሞክረውባቸው ነው እኮ! ሰው እንዳለ እያወቁ!"

እኔ ሲሞከር የማውቀው ሱቅ ውስጥ ጫማ ነው፤ ቦምብ ሰው ላይ እንዴት እንደሚሞከር አልገባኝም።

አሁን ገብቶኛል። ልጆች በሚጫወቱበት መርዝ አዘነቡና በየመጽሐፉ "ሙከራ" ብለው ጻፉት። እኚያ ሴት ግን ዕድሜያቸው ስልሳን አልፎ፣ በሰው አገር፣ በረዶ ሲያዩ የልጅ አፍ ይጠርጉ ነበር። ታዲያ ይህ ምኑ ነው ሙከራ?