ሐና ደረጃው ላይ

ልጅ እያለሁ ከትምህርት በኋላ የሚያቆዩንበትን ቦታ፣ ፍሪቲስ የሚሉትን፣ ስለምጠላ፣ እናቴ እየተነጫነጨችም ቢሆን ሥራዋ ይዛኝ ትሄድ ነበር። ብሬዴንግ በሚባል የስዊድን ሰፈር ውስጥ አዛውንቶችን በየቤታቸው ትረዳለች። ከሁሉም የምወደው የወይዘሮ ሚርያምን ቤት ነበር። ቤቱ ድንች ድንች፣ ካምፎር ካምፎር ይሸታል፤ እኔ ምንጣፉ ላይ ተኝቼ ሥዕል እሥላለሁ። ሚርያም ፖላንድ ተወልደው ከናዚዎች እልቂት የተረፉ አይሁዳዊት ነበሩ።

በረዶ በጀመረ ሰሞን ላሽ የሚባል የታሪክ ተመራማሪ ያዩትን ሊቀዳ ቴፕ ተሸክሞ ይመጣ ጀመር። ይጠይቅና ዝም ይላል። እሳቸው ዝም ሲሉም አብሮ ዝም ይላል፤ ካሴቱ ይዞራል። እናቴ ግን ዝምታ የት ታውቃለች! ሚርያም ሐና ስለምትባል ጓደኛቸው ጀምረው «ሐና ደረጃው ላይ ቆማ…» ብለው እንባ ሲቀድማቸው፣ ልክ ለቅሶ ቤት እንዳለች ብድግ ብላ «በቃ፣ በቃ፣ ራስዎን አይጉዱ» እያለች ውሃ ታቀርባለች፣ ፊታቸውን ታብሳለች። የሚያለቅስን ሰው ቁጭ ብሎ ማየት እኛ ዘንድ ነውር ነዋ። ላሽም ጨዋ ስዊድናዊ ነው፣ ቴፑን ያጠፋል። በመጣ ቁጥር እንዲሁ ሆነ፤ የሐና ነገር ከደረጃው አላልፍ አለ።

አንድ ቀን ሚርያም ብርጭቆውን ከእናቴ እጅ መንጭቀው ከግድግዳው ጋር አላተሙት። ስብርባሪው ሥዕሌ ላይ ረገፈ።

«ሳለቅስ ማየት ካቃተሽ ውጪ» አሏት። «እንደ በግ ወደ እርድ ተነዱ ይሉናል። ሐና አልተነዳችም። ያየኋት እኔ ብቻ ነኝ፤ እኔም አርጅቻለሁ።»

እናቴ ተቀመጠች። እኔን ማንም አላስታወሰኝም።

የናዚ ወታደሮች አይሁዶች የታጎሩበትን የታጠረ ሰፈር ከሰው ሊያጸዱ ሲመጡ፣ ሐና ቤንዚን የሞሉ ጠርሙሶች ይዛ ደረጃው ላይ ጠበቀቻቸው። ሚርያም ጣሪያ ሥር ተደብቀው በስንጥቅ ያያሉ። የመጀመሪያው ወታደር እየነደደ ተንከባለለ፤ የሥጋው ሽታ ሕንጻውን ሞላው። ሁለተኛው ሆዷን በጥይት መታት። አንጀቷን በአንድ እጇ ደግፋ፣ በሌላው የቀራትን ጠርሙስ ወረወረች። ከዚያ በሰደፍ ጭንቅላቷን ቀጠቀጡት፤ ከሞተችም በኋላ አላቆሙም። ሚርያም እያለቀሱ ሁሉንም ተናገሩ፣ ቴፑም አልጠፋም። እኔ እናቴ ቀሚስ ውስጥ ገብቼ እሰማ ነበር።

የዚያን ዕለት ምሽት ቤታችን እንግዶች ነበሩ። እናቴ ሽንኩርት እየከተፈች ሳለች፣ በቀይ ሽብር ስለተገደለው ወንድሟ ስለ ጌታቸው ድንገት ማውራት ጀመረች። ስሙን ስታነሳ ሰምቻት አላውቅም ነበር።

«በሩን ከፍቼ ያስገባኋቸው እኔ ነኝ» አለች፤ እንባዋ ዱብ ዱብ አለ።

ሁሉም ብድግ አሉ። «በቃ በይ እንጂ፣ ልጅቷ ትሰማለች» አሏት። አባቴ ውሃ አመጣ፣ ፊቷን አስታጠቧት፣ ወሬው ወደ ቤት ኪራይ ዞረ። ደጎች ነበሩ፤ ዛሬም ሳስባቸው አንጀቴን ይበሉታል።

አሁን ሚርያምም እናቴም የሉም። ካሴቱ ቤተ መዛግብት ገብቷል። ባለፈው ልጄ ከክፍሏ ልጆች ጋር ሄዳ አዳመጠችውና ፊቷ አመድ መስሎ መጣች። ሐና እንዴት እንደተዋጋች፣ እንዴት እንደሞተች አንድ ሳይቀር ነገረችኝ። ከዚያ እንደ ልማዷ በስዊድንኛ፣ ከእኛስ ቤተሰብ እንዲህ የተገደለ አለ፣ እንዴትስ ሞተ ብላ ጠየቀችኝ።

ጌታቸው ይባላል አልኳት። በሩን የከፈተችው እናቴ ነበረች አልኳት። ልጄ ቀጥዪ ብላ ዓይን ዓይኔን አየችኝ። ከዚያ ወዲያ ያለውን አላውቅም።