ጥላ የሚቆጥረው ካሜራ

ያን ሰሞን ከኮምፒውተሬ ጋር ተኮራርፈን ነበር። ኩርፊያው የአንድ ወገን እንደነበር ዛሬ አውቃለሁ፤ ያኔ ግን እኔ ትክክል፣ እሱ ስህተት እንደሆነ በማንም ፊት እምል ነበር።

ቴፒ ውስጥ ኮምፒውተር አስተምራለሁ። የቡና ጥላ የሚለካ አንድ ፕሮጀክት መጣና በትርፍ ሰዓቴ ፎቶዎቹን የሚያሰላ ሰው አድርጎ ያዘኝ። ሥራው ሲነገር ቀላል ነው። የዓሣ ዓይን የሚባል ያበጠ ሌንስ ያለው ካሜራ በቡናው መሀል ይቆምና ወደ ላይ ያፈጣል። በዙሪያው ያለውን ዛፍ ሁሉ ከነሰማዩ በአንድ ክብ ፎቶ ውስጥ ያስገባል። ከዚያ ጥቁሩ ቅጠል፣ ነጩ ሰማይ ተብሎ ይቆጠራል። ከሰማዩ ግማሽ ያህሉ በቅጠል የተሸፈነ ማሳ የጫካ ቡና ተብሎ ይመዘገባል፤ የተመዘገበ ገበሬ ቡናውን ለይቶ የሚፈልግ ገዢ ያገኛል። ያልተመዘገበው እንደ ድሮው ገበያ ያወጣል።

ችግሩ ሌንሱ መዋሸቱ ነው። መሀሉን እንዳለ ያሳይና ዳር ዳሩን ጨምቆ ያጎብጠዋል። ቀጥ ብሎ የቆመ ግንድ በፎቶው ጠርዝ ላይ እንደ ቀስት ይለመጣል። ይህን የሚያቃና ዝግጁ ኮድ አለ፤ ሌሎች ጽፈው ለማንም እንዲሆን ያስቀመጡት፣ በሙያው ላይብረሪ የሚባል። አንተ ጥቂት መስመር ትጽፋለህ፣ ከባዱን ሥራ እሱ ይሠራልሃል። የተነገረኝ እንዲህ ነበር።

እሱን ቴፒ ማድረሱ ራሱ አንድ ሥራ ሆነ። ኢንተርኔቱ ሲያወርድ ይቆይና ሊጨርስ ሲል ይቋረጣል፤ እንደገና ከዜሮ። አራት ቀን እንዲህ ከታገልኩ በኋላ አዲስ አበባ ያለ ጓደኛዬ በፍላሽ ገልብጦ፣ ፍላሹን በፖስታ አሽጎ በአውቶብስ ሹፌር ላከልኝ። ስከፍተው ሌላ ላይብረሪ ካላመጣህ አልሠራም አለኝ። ያኛው ሲመጣ ደግሞ ሦስተኛ ፈለገ። ቀበሌ ለጉዳይ ሄዶ "ይህንንም ይዘህ ና" የተባለ ሰው ስሜቴ ይገባዋል።

ቀጥሎ ሌንሱን ለላይብረሪው ማስተዋወቅ መጣ። ጉብጠቱን የሚማረው የዳማ ሰሌዳ የመሰለ ጥቁርና ነጭ ወረቀት ከብዙ አቅጣጫ ተነሥቶ ሲሰጠው ነው፤ ወረቀቱም ፍጹም ዝርግ መሆን አለበት። የኛ አገር እርጥበት ደግሞ ግድግዳ ላይ የተሰቀለ የቀን መቁጠሪያ እንኳ ይጠቀልላል። ኮምፔንሳቶ ላይ ለጠፍኩት፣ ኮምፔንሳቶው በሳምንቱ ጎበጠ። ላይብረሪው የወረቀቱን ጉብጠት የሌንሱ መስሎት ተማረና የዛፉን ሁሉ ወገብ አጣመመው። በመጨረሻ የቤቴን የመስኮት መስታወት ነቅዬ እሱ ላይ ለጠፍኩት። ለሁለት ሳምንት መስኮቴ በማዳበሪያ ከረጢት ተጋርዶ ከረመ፤ ጎረቤቶቼ ምን እንዳሉ ባልጽፍ ይሻላል።

ይህ ሁሉ አልፎ ቁጥሮቹ መውጣት ሲጀምሩ ነው የሸኮው ሰውዬ ቁጥር ያበሳጨኝ።

እኚህ ሰው ከቴፒ ወደ ሚዛን በሚወስደው መንገድ፣ ሸኮ አጠገብ ቡና ያላቸው አዛውንት ናቸው። ማሳዎቹ ሲመረጡ በታኅሣሥ እኔው ራሴ ሄጄ አይቻቸዋለሁ። ዝናብ መጣና ከቡናቸው ሥር ተጠልለን አወራን። ዝናቡ እኛ ዘንድ የደረሰው ከደጅ ዘግይቶ ነበር፤ ካባራ በኋላም ከላይ ከቅጠሉ መንጠባጠቡ ብዙ ቆየ። በስልኬ ወደ ላይ ብዙ ፎቶ አነሣሁ። ይህ ማሳ ካልተመዘገበ ማንም አይመዘገብም አልኳቸው። እሳቸውም ከዚያ ቀን ጀምሮ ምዝገባውን በጉጉት ይጠብቁ ጀመር፤ በየጊዜው እየደወሉ ደረሰ ወይ ይሉኛል።

በየካቲት የፕሮጀክቱ ሠራተኛ በሞተር ሳይክል እየዞረ በዓሣ ዓይኑ ካሜራ ሁሉንም ማሳ አነሣ። ማሳዎቹን ከዚያ በፊት አይቷቸው አያውቅም። እኔ ቴፒ ቁጭ ብዬ ፎቶዎቹን አቃናሁ፣ ቆጠርኩ። የሽማግሌው ጥላ ሩብ እንኳ አልሞላም።

ደሜ ፈላ። የሌሎቹን ማሳ በቅጡ ስላላየሁ ቁጥራቸው ልክ ይሁን አይሁን አላውቅም። የእሳቸውን ግን ዝናብ ተጠልዬበታለሁ። ስለዚህ ላይብረሪው ነው የበደላቸው ብዬ ደመደምኩ። ጠርዙን ሲያቃና ሰማዩን ለጥጦታል አልኩ። የዳማውን ወረቀት እንደገና አነሣሁ፤ ቁጥሩ ያው። የማቃኛውን ቀመር በሌላ ቀየርኩ፤ ያው። ጠርዙን ቆርጬ መሀሉን ብቻ ቆጠርኩ፤ ይባስ ብሎ አነሰ። ውሃ ቢወቅጡት እምቦጭ ሆነብኝ። መብራት በሄደ ቁጥር የሠራሁት አብሮ ይሄዳል፤ ክፍል ገብቼ ተማሪዎቼን ያለ ጥፋታቸው እቆጣለሁ።

ላይብረሪውን እጅ ከፍንጅ ለመያዝ አንድ ዘዴ መጣልኝ። የጎበጠውን እንደሚያቃና ሁሉ ቀጥ ያለውንም ማጉበጥ ይችላል። በታኅሣሥ በስልኬ ያነሣኋቸውን ተራ ፎቶዎች ገጣጥሜ አጉብጥልኝ አልኩት። የሚያምር ክብ ፎቶ ወጣ፤ ከእውነተኛው ሌንስ የወጣ ነው ብትባል ታምናለህ። ጥላው ከግማሽ በላይ ነበር። ይኸው አልኩ፤ ያው ማሳ፣ ያው ላይብረሪ፣ ሁለት መልስ።

ያን ያህል ስደክም አንድ ቀን ተሳፍሬ ሄጄ ማሳውን ማየት አልመጣልኝም። የዓሣ ዓይን ወደ ላይና ወደ ዳር ያለውን ሁሉ ያያል፣ እግሩ ሥር ያለውን ግን አያይም፤ እኔም ከእሱ አልተሻልኩም።

በሦስተኛው ሳምንት ላፕቶፔን ይዤ ሸኮ ወረድኩ። ሽማግሌው ደስ ብሏቸው ተቀበሉኝና ካሜራው ወደቆመበት ቦታ ወሰዱኝ። ቦታው እንደ ደጅ ተጠርጓል። ከላዩ ሰማዩ ወለል ብሎ ይታያል። ከጎኑ አንድ ወፍራም የዋንዛ ጉቶ፣ ከጉቶው ማዶ የተከመረ ቅርንጫፍ አለ። ምን ሆኖ ነው አልኳቸው። በጥያቄዬ ተገረሙ።

"መምህር፣ ካሜራው ሰማይ በደንብ ማየት አለበት ያልከኝ አንተ ነህ። እኔ ደግሞ ሰማይ አልነበረኝም።"

ብዬ ነበር። ፎቶው ከመነሣቱ በፊት ለገበሬዎቹ ሁሉ ደውዬ ካሜራው እንዴት እንደሚሠራ ማስረዳቴ ትዝ አለኝ፤ ቅጠልና ሰማይ ለይቶ ስለሚቆጥር ሰማዩ በግልጽ መታየት አለበት ብያለሁ። የፈለግኩት ሌንሱ ላይ ጭጋግና ጠብታ እንዳይኖር ነበር። እሳቸው ግን እንግዳ ሲመጣ ደጅ እንደሚጠረግ፣ መቀመጫ እንደሚዘጋጅ፣ ለካሜራው ሰማይ አዘጋጁለት። ሠራተኛው ሲደርስም እዚህ አቁመው ብለው በክብር የጠረጉለትን ቦታ ሰጡት። አባታቸው የተከሉት ዋንዛ ነበር።

ጉቶው ላይ ተቀመጥኩ። ላይብረሪውን ያን ሁሉ ቀን ስሰድበው አንዲት ቁጥር እንኳ አልተሳሳተም ነበር። አፈርኩም፣ ተናደድኩም፤ ከራሴ በቀር የምወቅሰው ግን አልነበረም።

ከዚያ ያ የሠራሁት ክብ ፎቶ ትዝ አለኝ። ላፕቶፑን ከፍቼ አሳየኋቸው፤ በታኅሣሥ የነበረው ይህ ነው፣ የምልከው ይህን ነው፣ ማንም አይለየውም አልኳቸው። ውሸት እንኳ አይደለም፣ ጥላው ነበር፤ ለራሴም እንዲህ እያልኩ ነበር። ዋንዛውን ወዲያው ለዩት፤ ስክሪኑ ላይ በጣታቸው ግንዱን ከታች እስከ ላይ ተከተሉት። ከዚያ ተነሡና ከጉቶው አጠገብ ያለውን ቡና ቅርንጫፍ ስበው አሳዩኝ። ቅጠሉ ከላይ በኩል መወየብ ጀምሯል።

"ለሰዎቹ ያንን ታሳያለህ፤ ፀሐይዋ ግን ቡናው ውስጥ ገብታለች" አሉ።

እውነተኛውን ቁጥር ላክሁ፤ የሆነውን የሚያስረዳ ረጅም ደብዳቤም አያያዝኩ። ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ማሳውን ካሜራው ከቆመበት ወዲያ ሄዳችሁ ለኩት ብዬ ጻፍኩ። የመጣው መልስ ሁለት መስመር ነበር፤ የሚመዘገበው ካሜራው ያየው ነው፣ ጥላው ሲመለስ ያመልክቱ። ዋንዛ ለጥላ የሚበቃው በስንት ዓመት እንደሆነ የጻፈው ሰው የሚያውቅ አልመሰለኝም። ለሽማግሌው ሄጄ ነገርኳቸው፤ አንድም ቀን አልወቀሱኝም፤ ቢወቅሱኝ በቀለለኝ።

ዝናቡ ሲጠና ደወሉልኝ። የዋንዛ ችግኝ አግኝተዋል፤ ጉድጓድ ከመቆፈራቸው በፊት ሊጠይቁኝ ፈልገው ነው። የት ቢተክሉት ካሜራው እንደሚወደው እንድነግራቸው ነበር። ካሜራውን ይርሱት፣ አባትዎ የፊተኛውን ሲተክሉ ቦታውን እንዴት መረጡ አልኳቸው።

"አባቴማ" አሉ፣ "ማንንም አልጠየቀም።"