እቴቴ ፀጌ እጇ የሳተበት ቅዳሜ

ጠዋት የእቴቴ ፀጌ ልጅ ከፌደራል ዌይ ከተማ ደወለችልኝ። "ማሚ ሄደች" አለችኝ። "የት?" አልኳት። እውነቴን ነው፣ የት ሄደች ብዬ ነው የጠየቅኳት።

ባለፈው እሁድ እኮ በስልክ ስትቆጣኝ ነበር። ከሊንውድ የሐበሻ ሱቅ ቅቤ አመጣልሻለሁ ብዬ ረስቼ። አሁንም ስልኬ ሲጮህ እሷ ትመስለኛለች።

ከዚያ ስልኬን ስከፍት መጀመሪያ የመጣው የጌታሁን ፖስት ነው። "አብሬያት የመሠረትኩት የከተማ ጉብኝት... በኩሽናችን እጇ ስቶ አያውቅም" ይላል። ከሥሩ ሰው ሁሉ ነፍስ ይማር ብሎለታል።

ጌታሁን፣ እንደምታነበው ስለማውቅ ነው የምጽፈው። እጇ አንድ ቀን ስቷል። ሆን ብላ።

ለማታውቁት ልንገራችሁ። በፈረንጆቹ ሰማንያዎቹ ውስጥ ነው። እኔ እዚህ ሲያትል የአርክቴክቸር ተማሪ ነበርኩ። ጌታሁን ትንሽ ምግብ ቤት ነበረው፣ እቴቴ ደግሞ የምግብ ቤቱ ወጥ ሠሪ ነበረች። ቅዳሜ ቅዳሜ ፈረንጆቹን ፓዮኒር ስኩዌር የሚባለው አሮጌው ሰፈር ላይ ተቀብዬ የድሮዎቹን የጡብ ሕንፃዎች አስጎበኛቸዋለሁ። ከመቶ ዓመት ገደማ በፊት ከተማው ከተቃጠለ በኋላ መንገዱን ከፍ አድርገው ስለሠሩት የድሮዎቹ ሱቆች ከመሬት በታች ቀርተዋል። ወደ ታች ብርሃን እንዲያስገቡ የእግረኛው መንገድ ላይ የተተከሉትን ሐምራዊ መስታወቶች እያሳየሁ "አሁን የቆማችሁት ጣሪያ ላይ ነው" ስላቸው ሁሉም እግሩን ያነሳል። ከዚያ ዳገቱን ወጥተን እቴቴ ዘንድ ምሳ እንበላለን።

ሐሳቡ የኔ ነው። መንገዱን የመረጥኩት እኔ ነኝ። ንግግሩን የጻፍኩት እኔ ነኝ። ጌታሁን ያዋጣው ወንበር ነው።

እቴቴ በጾም የፍስክ ወጥ ትሠራለች እንጂ አትቀምስም። እኔ የጴንጤ ልጅ ነኝ፣ አልጾምም። ሶ ጉብኝቱ ሳይጀመር ጠዋት ወደ ኩሽና ጎራ ስል ጭልፋዋን ይዛ ትጠብቀኛለች።

"ነይ እስቲ፣ የኔ አፍ ታስሯል፤ አፍሽን አውሺኝ።"

እቀምሳለሁ።

"ጨውስ?"

"ትንሽ ይቀረዋል።"

"ትንሽ ማለት ስንት ነው? ይሄንን ነው ኮሌጅ የሚያስተምሩሽ?"

እንዲህ ነበርን። አንድ ሰመር፣ ፍልሰታ ላይ፣ ከጋዜጣ አንዲት የምግብ ጸሐፊ ልትመጣ ነው ተባለ። ጌታሁን ጠራኝ።

"የዚህን ቅዳሜ እኔ እመራዋለሁ" አለኝ።

"ለምን?"

"አክሰንትሽ ያስቸግራቸዋል። ደግሞ ማየት የሚፈልጉት ባለቤቱን ነው። የጻፍሽውን ስጪኝና ላጥናው።"

"አንተ አክሰንት የለህም?" አልኩት።

ባለጌ ብሎ በዚያው አባረረኝ። ለእቴቴ "ትምህርት በዝቶባት ተወችው" አላት። አላመነችውም። በአውቶቡስ ዶርሜ ድረስ መጣች።

"ተውሽው?"

"አባረረኝ።"

አልጋዬ ጫፍ ላይ ቁጭ ብላ ነጠላዋን አስተካከለች። እኔ አለቅሳለሁ። ድንገት "ቅዳሜ ታዲያ ማን ይቀምስልሻል?" አልኳት።

ቀና ብላ አየችኝ። ጌታሁን የቤተ ክርስቲያን ኮሚቴ ነበር። ፍልሰታን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ውሃ አልቀምስም እያለ ለሰው ሁሉ ያወራል። ከኩሽናው ጀርባ ቆሞ ጥብስ ሲበላ ግን ሁለታችንም አይተነዋል።

"እሱ ይቀምሳላ" አለች እቴቴ። "ሰው ፊት።"

ጨው ማብዛቱን ያሰበችው እሷ ናት። እኔም ተይ አላልኳትም።

እቴቴ እንደነገረችኝ፣ ቅዳሜ ጸሐፊዋ መጥታ ተቀምጣለች። ጌታሁን እዩልኝ ብሎ ሁለት የኮሚቴ ሰዎችም ጋብዟል። እቴቴ የዶሮ ወጡን በጭልፋ ይዛ ወደ አዳራሹ ወጣች።

"አቶ ጌታሁን፣ እኔ ጾመኛ ነኝ፤ ቅመስልኝ።"

"እኔም እኮ ጾመኛ ነኝ" አላት ኮሚቴዎቹን እያየ።

"ቀማሼን አባረሃታል። ታዲያ ምን ይሻላል?"

ጎንበስ ብሎ አሸተተ። "ሽታው ይበቃል፣ አውጪው።"

አወጣችው። ጸሐፊዋ አንድ ጊዜ ጎረሰች። ከዚያ ውሃ ጠጣች። ደግማ ውሃ ጠጣች። ፈገግ እንዳለች ቦርሳዋን አንስታ ሄደች። ጋዜጣው ላይ አንድ ቃል አልወጣም። ጌታሁን "ጉድ ሠራሽኝ" ብሎ ሲጮህባት "አሽትተህ አውጪው ያልከኝ አንተ" አለችው። ብዙም ሳይቆይ ጉብኝቱ ቀረ፣ እሷም ዴ ሞይን አካባቢ ለኤርፖርቱ ምግብ የሚያዘጋጅ ኩሽና ገባች።

እሷንም ዋጋ አስከፍሏታል። እቴቴ ድስቱ ትንሽ ከያዘባት ወጡን እንዳለ የምትደፋ ሴት ነበረች። የዚያን ቀን ዶርሜ መጥታ አለቀሰች። "ዶሮዎቹ ምን አደረጉ?" እያለች።

"እኔ በሕይወት እያለሁ እንዳታወሪ" አለችኝ። "ወጥ ያበላሸች እንዳልባል።"

በኋላ ለንስሐ አባቷ ነገረቻቸው። "ምን አሉሽ?" አልኳት። "ስገጂ አሉኝ፣ ሰገድኩ። ጌታሁንን ባየሁት ቁጥር ግን አሁንም ደስ ይለኛል።"

ጌታሁን፣ አብሬያት መሠረትኩ የምትለውን አውርድ። ለቅሶው ላይ ማይክ ይዘህ ስለ ኩሽናችን ልናገር ብትል እኔም እነሳለሁ። አክሰንቴን ታውቀዋለህ፣ ዛሬም አልተለወጠም።

እቴቴ፣ ቃሌን እስከ ዛሬ ጠዋት ጠብቄያለሁ። ጌታሁን ስሜን ከገዛ ሥራዬ ላይ ሲፍቀው ሰው ሁሉ ዝም አለ። አንቺ ግን በዚህ ከተማ የነበረሽን ብቸኛ ነገር፣ ሙያሽን፣ ድስት ውስጥ ጨመርሽልኝ። ወጥ ያበላሸች የሚልሽ ካለ ወደ እኔ ይምጣ።

ይህን ስጽፍ ጨው በዝቶበት እንደሆነ የምትቀምስልኝ አንቺ ነበርሽ። ቢበዛም ይብዛ። ደህና ሁኚ፣ የኔ እናት።