በስክሪን የመጣ መርዶ

ዛሬ ልጄ የአያቱን ሞት ከኮምፒውተሩ ስክሪን ላይ አነበበ።

ጌም ሲጫወት በቀጥታ ያስተላልፋል። ተመልካቾች የሚጽፉለትም በስክሪኑ ጎን ይታያል። ምሳ ይዤለት ስገባ አንድ የደሴ ዘመዳችን "አብሽር፣ አላህ ለአያትህ ይዘንላቸው" ብሎ ጽፏል።

እናቴ ያረፉት ሐሙስ ነው። ልጄ ሰኞ ከፈተና ሲወጣ ሽማግሌዎች ከዴን ሃግ ከተማ እኛ ሰፈር ኦስዶርፕ ድረስ መጥተው ሊያረዱት ተስማምተን ነበር። እስከዚያ ባኞ ቤት ውኃ ከፍቼ አለቅሳለሁ።

መልእክቱን ሲያነብ የልጄ እጅ ቆመ። የሚያጫውተው ወታደር እዚያው ተገደለ። ነገሩ ያልገባቸው ተመልካቾች "እንቅልፍ ወሰደህ እንዴ?" እያሉ ይስቃሉ።

"እማዬ፣ ታውቂ ነበር?" አለኝ ሳይዞር።

"ፈተናህን እስክትጨርስ ብዬ ነው።"

"አባዬ ደሴ ሄዶ የሞተ ጊዜም እንደዚህ ብለሽ ነው የደበቅሽኝ። ሳምንቱን ሙሉ ስስቅ ዝም ብለሽ አየሽኝ።"

ማይኩ ክፍት ነበር፤ ተመልካቾቹ ሁሉ ሰምተውናል። በጎን የሚወርደው ጽሑፍ ቀጥ አለ። ሰው ዝም ሲል በስክሪንም ይታያል ለካ።

ለሽማግሌዎቹ ገና አልደወልኩም። የአባቱንም ያረዱት እነሱ ናቸው።

እዚህ አገር ልጅ ያሳደጋችሁ፣ መርዶ እንዴት ነገራችሁ? ሳይደብቅ በዕለቱ የተናገረ ካለ፣ ልጁ ምን እንዳለው ይጻፍልኝ። እኔ እሱን ሞክሬው አላውቅም።