የቤታችን ሩብ

እኔ ሒሳብ የማያውቅ ሰው አይደለሁም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ከዚህ በታች ያለውን የሚያነብ ሰው ስለ እኔ እንዳይሳሳት ብዬ ነው። የምሠራው መልካሳ የእርሻ ምርምር ማዕከል ውስጥ ነው። የማሽላና የቦሎቄ ምርት በካሬ ሜትር አስልቼ፣ አማካዩን አውጥቼ፣ የስህተቱን መጠን ከነነጥቡ አስቀምጬ ሪፖርት የማቀርብ ሰው ነኝ። በዚያ ላይ የባልደረቦቼ እቁብ ጸሐፊ ሆኜ ዘጠኝ ዓመት አገልግያለሁ፤ አንድ ብር ጎድሎብኝ አያውቅም። እንግዲህ የቤት ብድር የወሰድኩት ይህን ሁሉ ዕውቀት ተሸክሜ ነው።

ቤቱ አዳማ ነው። ሻጩ "ከአስፋልቱ ሁለት መቶ ሜትር ገባ ብሎ" ያለን ቦታ ሲሆን፣ የእሱ ሜትር ከእኛ ሜትር ረዘም ይላል። ነፋስ በተነሣ ቁጥር አቧራው ከእኛ ቀድሞ ሳሎን ይገባል። ሳሎንና ሁለት መኝታ ቤት ያለው ዋና ቤት አለው፤ ጓሮው ላይ ደግሞ ሰርቪስ፦ ኩሽና፣ ሽንት ቤትና የራሷ በር ያላት አንዲት ክፍል። ዋጋው አንድ ሚሊዮን አራት መቶ ሺህ ብር ነበር። ሚሊዮኑን ባንክ አበደረን። ከቀሪው አራት መቶ ሺህ ውስጥ እኔና ባለቤቴ ያጠራቀምነው ሁለት መቶ ሃምሳ ሺህ ብቻ ነበር።

መቶ ሃምሳውን የሰጠን አባቴ ነው። አባቴ ወንጂ ውስጥ የአገዳ መኪና ሲመዝን ዕድሜውን የጨረሰ ሰው ነው። ጡረታ ሲወጣ የተሰጠውን ገንዘብና የሁለት ላሞቹን ሽያጭ አንድ ላይ አድርጎ በፌስታል ይዞልን መጣ። እናቴ ካረፈች በኋላ ብቻውን ነበር የሚኖረው። የጠየቀን ነገር አንድ ብቻ ነው።

"ትልቁ ቤት ለእናንተ ይሁን። እኔ ሰርቪሷ ትበቃኛለች። የራሷ በር አላት፣ ሽንት ቤቱም አጠገቧ ነው፤ ሌሊት ስነሣ ማንንም አልቀሰቅስም።"

"የአንተ ናት አባዬ" አልኩት። በእርግጥም የእሱ ነበረች፤ የገባባት ግን ሌላ ሰው ነው።

ወርሃዊ ክፍያው አሥራ ሦስት ሺህ አንድ መቶ ስልሳ ስምንት ብር ነው። የሁለታችን ደመወዝ ተደምሮ ይህን ከፍለን በቀረው ወሩን መዝለቅ አልቻልንም። ስለዚህ የአባቴን ክፍል ለጊዜው፣ ለስድስት ወር ብቻ፣ መለዋወጫ ዕቃ ቤት ለሚሠራ አንድ ላጤ አከራየናት። አባቴም ለእነዚያ ስድስት ወራት ወንጂ ውስጥ አንዲት ክፍል ተከራየ። ክፍል ያለው ሰው ቤት ተከራይቶ፣ ክፍል የሌለው ሰው በእሱ ክፍል ተኛ። ስድስቱ ወር አምስት ዓመት ሆነ፤ ኪራዩም ከሁለት ሺህ ተነሥቶ ሦስት ሺህ አምስት መቶ ደረሰ።

ውሉን የፈረምንበትን ቀን አልረሳውም። የወረቀቱ ብዛት ለአንድ ቤት ሳይሆን ለአንድ ክፍለ ከተማ ይበቃል። የባንኩ ሠራተኛ "እዚህ ጋ፣ እዚህ ጋ፣ እዚህም ጋ" እያለ ጣቱን ይዘረጋል፣ እኛ እንፈርማለን። መጨረሻ ላይ ቁጥር የሞላበት ሰንጠረዥ መጣ። ባለቤቴ እስክሪብቶዋን አቁማ "ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?" አለች። ሠራተኛው አፉን ሳይከፍት እኔ ቀደምኩት።

"የወር መክፈያ ነው። ሁለት መቶ አርባ ዙር አለው፣ በቃ።"

ዙር አልኩ። እቁብ ነበር የመሰለኝ። ሁለት መቶ አርባ ዙር ያለው፣ ዕጣው መጀመሪያውኑ ለእኛ የወጣልን እቁብ። ያን ያህል ዓመት ጸሐፊ የነበረ ሰው ሌላ ምን ይመስለዋል? ባለቤቴም ባሏ ሒሳብ አዋቂ ነውና ፈረመች። ሰንጠረዡን ከጋብቻ ምስክር ወረቀታችን ጋር በላስቲክ ጠቅልዬ ፍራሹ ሥር አኖርኩት። ከዚያ ወዲህ ሁለቱንም አላነበብናቸውም።

አምስት ዓመት ሞላ። ስልሳ ዙር የሁለት መቶ አርባ ሩብ ነው፤ ይህን ለማወቅ ምርምር ላይ መሥራት አያስፈልግም። በቤታችን ለሚሰበሰበው የጸሎት ኅብረት "ሩቡን ከፍለናል፣ እግዚአብሔርን እናመስግን" አልኩና የምስጋና ፕሮግራም ጠራሁ። ዶሮ ተሠራ፣ ለስላሳ በሳጥን መጣ፣ ከጎረቤት ወንበር ተዋስን። አባቴም ከወንጂ ሱፉን ለብሶ መጣ። ተነሥቼ መሰከርኩ። "ከዚህ ቤት ሩቡ ዛሬ የእኛ ነው!" ስል ሳሎኑ በእልልታ ተናጋ።

የኅብረቱ ሽማግሌ ቀልድ የሚያውቁ ሰው ናቸው። "ወንድሜ፣ ሩቡ የትኛው ነው?" አሉ።

"ሰርቪሱ ነዋ!" አልኩ።

"እንግዲያው እሱን እንባርክ" አሉና ተነሡ። ሁላችንም ተከትለናቸው ወደ ጓሮ ወጣን። ሽማግሌው ኩሽናው ላይ እጃቸውን ዘረጉ፣ ሽንት ቤቱ ላይም ዘረጉ፣ የአባቴ ክፍል በር ላይ ሲደርሱ ግን በሩ ተከፍቶ ተከራዩ ልብስ ሲያጥብበት ከነበረው እጁ አረፋ እያንጠባጠበ ብቅ አለ። ምን እንደሆነ ሳይገባው አንገቱን ደፍቶ አብሮን ጸለየ። እኔም በዚያ ሞቅታ ውስጥ ሁሉም ፊት ቃል ገባሁ። ሩቡ ከተከፈለ ወርሃዊ ክፍያውም በሩብ ይቀንሳል፤ የሚቀንሰው ደግሞ ተከራዩ ከሚከፍለው ጋር እኩል ለመሆን ትንሽ ነው የሚቀረው። "በሚቀጥለው ወር አባዬ ክፍሉ ይገባል!" አልኩ። አባቴ ሰው ፊት የማያለቅስ ሰው ነው። ያን ቀን መነጽሩን አውልቆ ሲጠርገው ብዙ ጊዜ ወሰደ።

ሰኞ ጠዋት ባንክ ሄድኩ። ያስተናገደችኝ ልጅ እግር ሠራተኛ ትሑት ነበረች።

"ወርሃዊ ክፍያዬ እንዲቀነስልኝ ነው" አልኳት።

"በምን ምክንያት ጋሼ?"

"ሩቡን ስለከፈልኩ።"

ኮምፒውተሯን አየች። ከዚያ እኔን አየችኝ፤ ውጤቱን ለበሽተኛው ለመንገር ወንበሩን እንደሚያስጠጋ ሐኪም ወንበሯን አስጠጋች።

"ቀሪ ዋና ብድርዎ ዘጠኝ መቶ አርባ ሺህ ስምንት መቶ ብር አካባቢ ነው።"

"ተሳስተሻል እህቴ። ሰባት መቶ ዘጠና ሺህ ብር እኮ ከፍያለሁ።"

"አዎ፣ ከፍለዋል። አንድም ወር አላሳለፉም፤ በጣም ጥሩ ደንበኛ ነዎት።"

"ታዲያ የት ገባ?"

"ወለድ ነው ጋሼ" አለችና ስክሪኑን ወደ እኔ አዞረችው። የመጀመሪያው ወር፦ ለወለድ አሥራ ሁለት ሺህ አምስት መቶ፣ ለዋናው ብድር ስድስት መቶ ስልሳ ስምንት። ወለዱ በየወሩ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ መጀመሪያ ላይ የምንከፍለው ሁሉ ማለት ይቻላል ወለድ ነው። እየቆየ የዋናው ድርሻ ያድጋል አለች። መቼ እኩል ይሆናሉ አልኳት። ጣቷን በስክሪኑ ላይ ወደ ታች፣ አሁንም ወደ ታች አወረደችው።

"አሥራ ስድስተኛው ዓመት ላይ።"

አባቴ ያኔ ሰማንያ ሁለት ዓመቱ ይሆናል። ሲጠናቀቅ ደግሞ ለአንዱ ሚሊዮን የከፈልነው ሦስት ሚሊዮን አንድ መቶ ስልሳ ሺህ ይሆናል። ልጅቷ ሌላ ጥያቄ እንዳለኝ ጠየቀችኝ። ያለኝ ጥያቄ ይህን ለምን ማንም አልነገረኝም የሚል ነበር፤ ግን የሰንጠረዡ እያንዳንዱ ገጽ ግርጌ ላይ የራሴ ፊርማ፣ ያ በጣም የምኮራበት ጠምዛዛ ፊርማዬ ስላለ ተውኩት።

ወደ ቤት በእግሬ ስሄድ የምችለውን ሥራ ሠራሁ፤ በካሬ ሜትር አሰላሁት። ቅድሚያ የከፈልነውን ትተን፣ በአምስት ዓመት ከባንኩ ላይ የገዛነው አራት ካሬ ሜትር ከምናምን ነው። ሽንት ቤቱና ከበሩ ፊት ጫማ የምናወልቅበት ቦታ ማለት ነው። ሽማግሌው የባረኩት ኩሽና ገና የባንኩ ነበር።

ባለቤቴ ሰንጠረዡን ከፍራሹ ሥር አውጥታ እርሳስ ይዛ ከላይ እስከ ታች አነበበችው። እንደ ጨረሰች "እኔ ጠይቄ ነበር" አለች። ይህን ዓረፍተ ነገር እስከ ሁለት መቶ አርባኛው ዙር ድረስ እንደምሰማው ገባኝ።

የሥራ ባልደረቦቼ ግን አጽናኑኝ። "ምን ያስጨንቅሃል፣ ቤትህ አሁን አምስት ሚሊዮን ያወጣል፤ ሚሊየነር ነህ እኮ!" አሉኝ። እውነታቸውን ነው። ብሩ በረከሰ ቁጥር ዕዳው ይቀላል፣ ቤቱ ይወደዳል። ችግሩ ሚሊዮኑን ለማግኘት ቤቱን መሸጥ አለብኝ፤ ከሸጥኩት በኋላ ደግሞ በዚያው በተወደደ ገበያ መግቢያ መፈለግ አለብኝ። ስለዚህ ከወር አጋማሽ በኋላ ከሱቅ ዘይት በዱቤ የሚወስድ ሚሊየነር ሆኜ ቀጠልኩ።

አባቴ ቅዳሜ ቅዳሜ ይደውላል። "ዕቃዬን መቼ ላምጣ?" ይላል። በመጀመሪያው ቅዳሜ ተከራዩ አሞታል አልኩት። በሁለተኛው ክፍሏ ቀለም ትቀባለች አልኩ። በሦስተኛው ቀለሙ አልደረቀም አልኩት፤ አዳማ ላይ፣ በዚያ ፀሐይና ነፋስ፣ ቀለም ለሳምንት አልደረቀም አልኩት! ስልኩን ስዘጋ ባለቤቴ በር ላይ ቆማለች።

"ወይ አንተ ንገራቸው፣ ወይ እኔ እነግራቸዋለሁ።"

በማግስቱ ከቤተ ክርስቲያን እንደ ወጣሁ ሰንጠረዡን ይዤ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። አባቴ የተከራየበት ክፍል ውስጥ አልጋው ላይ ተቀምጦ አገኘሁት። ሰላምታ ሳልጨርስ ወረቀቱን ዘረጋሁለትና በችኮላ ማስረዳት ጀመርኩ፤ ስለ ወለድ፣ ስለ ዋናው፣ ስለ ስልሳው ወር።

"ሱታ" አለኝ በኦሮምኛ። "ከላይ ጀምረህ ቀስ ብለህ አንብበው።"

አነበብኩለት። በየዓምዱ ጣቱን እያስቀመጠ ይሄ ምንድን ነው፣ ይሄኛውስ እያለ ጠየቀኝ። አንድ ገጽ እንደ ጨረስን አስቆመኝ።

"መኪናው ሲገባ ከነአገዳው ትመዝነዋለህ። አራግፎ ሲወጣ ባዶውን ትመዝነዋለህ። አገዳው ልዩነቱ ነው። አንተ አምስት ዓመት ሙሉ መኪናውን ጭምር አገዳ ነው ብለህ ስትመዘግብ ነው የኖርከው።"

"አዎ አባዬ።"

"እኔ እንዲህ ባደርግ አንድ ሳምንት አልቆይም፣ ያባርሩኝ ነበር።"

ሳቀ። እኔም ለመሳቅ ሞከርኩ። ከዚያ ተከራዩ ስንት እንደሚከፍል ጠየቀኝና ነገርኩት።

"አንድ ወር ጊዜ ስጠውና ይልቀቅ።"

"አባዬ፣ ገንዘቡን ከየት..."

"ዕቃዬን አስሬ ጨርሻለሁ" አለኝ። ዞር ስል አየሁት። ብርድ ልብሱ፣ ድስቱ፣ የእናቴ ሣጥን፣ ሁሉም በገመድ ተጠፍሮ ግድግዳው ሥር ተደርድሯል። ከምስጋናው ፕሮግራም በተመለሰ ማግስት ነው ያሰረው። ውሃ የሚጠጣበት አንድ ጣሳ ብቻ ነው ውጭ የቀረው። እኔ ስለ ቀለም ስዋሽ እሱ አንድ ወር ሊሞላው ምንም ሳይፈታ እንደ መንገደኛ ተቀምጧል። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን አፍሬ አላውቅም።

ተከራዩ በሰላም ለቀቀ፤ እንዲያውም የአባቴን አልጋ ከመኪና ያወረድነው አብረን ነው። አባቴ በገባ በሳምንቱ ግቢው ተጠርጎ፣ አጥሩ ሥር ጎመን በቀለ። ማታ ማታ ከሥራ ስመለስ በሩ ላይ ተቀምጦ ሲጠብቀኝ ሳይ ደስ ይለኛል። ቀን ቀን ግን ሦስት ሺህ አምስት መቶ ብር እፈልጋለሁ። ለመስክ ሥራ የውሎ አበል ጠየቅሁ፤ በጀት የለም ተባልኩ። ፍሪጁን ለመሸጥ አሰብኩ፤ ባለቤቴ ያየችኝን አስተያየት አይቼ ተውኩት። የክፍያው ቀን በየወሩ አምስተኛው ቀን ነው፤ አራተኛው ቀን ጠዋት እጄ ላይ ያለው አልሞላም።

ያን ጠዋት አባቴ ሳሎን ገባ። የተጣጠፈ ብር አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አኖረው።

"ምንድን ነው አባዬ?"

"የክፍሉ ነው። ሦስት ሺህ አምስት መቶ።"

"የራስህ ክፍል እኮ ናት! ገንዘብህን ሰጥተህ..."

"ቀኑ ነገ አይደለም እንዴ?"

ባለቤቴ "አባባ፣ እባክዎ ያንሡት፣ በእግዚአብሔር" አለች። አላነሣውም። እኔን ነበር የሚያየኝ። ማለት የነበረብኝ "አልቀበልም" ነው፤ አንዲት ቃል ናት። ጡረታውን በጠቅላላ ማለት ይቻላል እንዳመጣው አውቃለሁ። የደም ግፊት መድኃኒቱን ከየት እንደሚገዛ አላውቅም። ከዚያ ብር ውስጥ ለቤቱ የሚውለው አራት መቶ እንኳ እንደማይሞላ፣ የተረፈው ሁሉ ወለድ እንደሆነ አውቃለሁ፤ አሁን ሰንጠረዡን በቃሌ አውቀዋለሁ።

ብሩን አነሣሁት። አባቴ ፊት ቆሜ ቆጠርኩት። ልክ ነበር።