የክሮኤሺያዊው ጸሐፊ ልጅ

ልጄን በቀበርን ማግስት ጋሽ ደምሴ ለቅሶ ደረሱ። ሐዋሳ መናኸሪያ አካባቢ፣ ቪዲዮ ቤት ውስጥ የውጭ ፊልም በማይክ የሚተረጉሙ ሽማግሌ ናቸው። በወጣትነታቸው ዩጎዝላቪያ ተምረዋል። ታዲያ ምን ቢያወሩ ጥሩ ነው? በዚያ ዘመን ስለነበረ፣ ማንም ስለማያውቀው ክሮኤሺያዊ የፊልም ጸሐፊ! ልጁ ከሞተችበት በኋላ፣ በሚጽፈው ፊልም ሁሉ ለአንዲት ልጅ ስሟን ይሰጥ ነበር አሉ።

«ምነው ጋሼ፣ ለቅሶ ቤት ፊልም ይወራል እንዴ?» አለች እህቴ።

እሳቸው ወደ እኔ ዞሩ። «ልጅህ ስሟ ማን ነበር?»

እንዳላለቅስ ብሎ ሁሉም ስሟን መጥራት ትቷል። «ሶስና» አልኩ።

ከወር በኋላ ጠርተውኝ ቪዲዮ ቤት ሄድኩ። የዚያ ጸሐፊ ፊልም ነበር። እናት ደጃፍ ላይ ቆማ በማይገባኝ ቋንቋ ትጣራለች።

ጋሽ ደምሴ ማይኩን ያዙና፣ «ሶስና! ነይ ግቢ፣ መሸ!» ብለው ተረጎሙ።

ልጅቷ እየሮጠች ገባች።