የእንቁራሪቷ ጌም እና የሐሙሱ መርፌ

ልጄ ያኔ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። በየሃያ ስምንት ቀኑ፣ ሁልጊዜ ሐሙስ፣ መርፌ ትወጋለች። ጉሮሮዋን ሲያማት ጉንፋን ነው ብለን ዝንጅብል ስናጠጣት፣ ሕመሙ ወርዶ ልቧ ላይ አረፈ። ሐኪሙ ወረቀቱን እየሞላ፣ ቀና ብሎ እንኳ ሳያየኝ፣ «ይቺን መርፌ አንድ ወር ብትዘሉ ልቧ ነው የሚጎዳው» አለኝ። እኔ አስተማሪ ነኝ፤ ለወላጅ ክፉ ነገር እንዴት እንደሚነገር አውቃለሁ። እንደዚያ አይነገርም። ነገሩ ግን ገባኝ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን የቀን መቁጠሪያ ባየሁ ቁጥር ሐሙሶቹን መቁጠር ጀመርኩ።

መርፌው ክፉ ነው። መድኃኒቱ ነጭና ወፍራም ስለሆነ ቀስ እያለ ነው የሚገባው። መጀመሪያ ሰሞን ሦስት ሰው ነበር የሚይዛት፦ እኔ እጇን፣ ባለቤቴ እግሯን፣ የጤና ጣቢያው ዘበኛ ደግሞ ወገቧን። እኛ በሥራ ተመድበን ከደብረ ብርሃን የመጣን ነን፤ እሷ ግን እዚሁ መቀሌ ተወልዳ ያደገች ስለሆነች ስትደነግጥ በትግርኛ ነው የምትጮኸው። «ይኣክል! ይኣክል!» ትላለች፣ ይበቃል ማለቷ ነው። አንድ ቀን ከእጃችን ተፈናጥራ መርፌው ውስጧ እንዳለ ጎበጠ። ሳምንት ሙሉ አነከሰች። እኔ ደግሞ ያን ሳምንት ሙሉ እንቅልፍ የሚባል ነገር አላየሁም።

በዚህ መሐል ታናሽ ወንድሜ ለእረፍት መጣ። መርከበኛ ነው፤ ዓመት ጠፍቶ ሲመጣ ሻንጣው ውስጥ የማይገኝ ነገር የለም። ለእሷ በሁለት እጅ የምትያዝ፣ ከመጽሐፍ የማትበልጥ የጌም መጫወቻ አመጣላት። ውስጧ ሦስት ጌሞች ነበሩ። ሁለቱን ነካ ነካ አድርጋ ተወቻቸው፤ አንዷን ግን ወደደቻት። አንዲት እንቁራሪት ጀርባዋ ላይ ውኃ ተሸክማ ከድንጋይ ድንጋይ እየዘለለች ተራራ ትወጣለች። በቃ፣ ሌላ ነገር የለውም። በቀጣዩ ሐሙስ አልጋው ላይ በሆዷ ተኝታ መጫወቻዋን ፊቷ ደቀነች። የጤና ጣቢያዋ ሲስተር መርፌውን አስገባች፣ ጨረሰች፣ አወጣች። ልጄ ንቅንቅ አላለችም። ሲስተሯ «ኣጆኺ ጓለይ፣ አይዞሽ ልጄ፣ አለቀ፣ ተነሺ» ብትላት፣ «ቆይ፣ ገና አልሞትኩም» አለች። የጌሙን ነገር መሆኑ ነው። እኔ ግን ያን ቃል ስሰማ ግድግዳ ይዤ ነው የቆምኩት።

ከዚያ በኋላ ዓመት ተኩል ሙሉ ማንም አልያዛትም። እኔ ራስጌዋ እቆማለሁ፣ እሷ እንቁራሪቷን ታዘልላለች፣ መርፌው ይገባል፣ ይወጣል። ስለዚህ ያቺ ጌም ለእኔ መጫወቻ አልነበረችም፤ የመድኃኒቱ ግማሽ ነበረች።

ታዲያ አንድ ማክሰኞ፣ እኔ ደብተር ሳርም፣ ልጄ መጫወቻዋን ሶፋው ላይ ጣል አድርጋ «እንቁራሪቷ ሰለቸችኝ» አለች። ብዕሩ ከእጄ ወደቀ። መርፌው ሐሙስ ነው! ከሰለቻት አታያትም፤ ካላየቻት መርፌው ይሰማታል፤ ከተሰማት ትፈናጠራለች። ባለቤቴ መንገድ ሥራ ላይ በረሃ ወርዷል፤ እግሯን ማን ሊይዝልኝ ነው? አንድ ነገር ይዞኝ ሲሄድ ማቆሚያ የለኝም፤ ሌሊቱን በሐሳብ ስቆፍር አደርኩ።

ረቡዕ ከሰዓት ከትምህርት ቤት ስወጣ፣ መጫወቻዋን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ስልክ የሚጠግን፣ ዘፈንና ፊልም የሚጭን አንድ ሱቅ ገባሁ። ሁላችንም እንደዚያ ነበር የምናደርገው። ስልክ ሲሰለቸን ይዘን እንሄዳለን፣ ያለውን አጥፍቶ አዲስ ይጭንልናል። የጠፋውም ካማረን በሌላ ቀን እናስጭነዋለን። ዘፈን ደግሞ የት ይሄዳል?

«አዳዲስ ጌም ጫንልኝ» አልኩት የሱቁን ልጅ።

ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ አያት። «ቦታ የላትም። ያለውን አጥፍቼ ፎርማት ላድርጋት?»

«አድርጋት» አልኩ። ጌታዬ፣ እንዴት ያለሁ ጅል ነኝ! ቦርሳዬን እየደባበስኩ፣ ሰዓቴን እያየሁ፣ አድርጋት አልኩት።

አደረጋት። ከዚያ ገመድ ሰካ፣ ነቀለ፣ ሌላ ሰካ። ፊቱ እየተለወጠ መጣ። «ሓፍተይ፣ እህቴ፣ ይቺ እኮ ኦሪጅናል ናት። ኮፒ አትቀበልም። የነበሩት ጌሞች ከኢንተርኔት የተገዙ ናቸው።»

«ጌም ደግሞ ይገዛል እንዴ?»

«ይገዛል።»

«እሺ፣ እንቁራሪቷንስ መልሳት።»

ገመዱን ጠቅልሎ መሳቢያ ውስጥ ከተተ። ድምፄን ከፍ አድርጌ ነገሬን ሁሉ ዘረገፍኩበት፤ መርፌውን፣ ልቧን፣ ሐሙስን። ሱቁ ውስጥ ስልኩን ሊያሠራ የቆመ ሽማግሌ ሳይቀር ባርኔጣውን አውልቆ ሰማኝ። ልጁ ክፉ አልነበረም፤ ደንግጦ ወንበር ሰጠኝ። «የተገዛ ጌም አይጠፋም» አለኝ። «የገዛው ሰው በስሙ የከፈተው አካውንት አለ። እዚያ ከገባን የገዛቸው ሁሉ ተዘርዝረው ይገኛሉ፣ እንደገና ይወርዳሉ። ቁልፍ ቃሉን ጠይቂው።»

ማንን ልጠይቅ? ወንድሜ የመጨረሻ መልእክቱ «ከወደብ ወጥተናል፣ ለአሥር ቀን ኔትወርክ የለም» የሚል ነበር። ወንድሜ ባሕር ላይ፣ ባለቤቴ በረሃ ላይ፣ እኔ የስልክ ሱቅ ውስጥ!

የወንድሜን ኢሜይል አውቀዋለሁ፤ ቁልፍ ቃሉን ለሚረሳ ሰው ደግሞ ሌላ በር አለው አለኝ ልጁ። በሩን ስንከፍተው የጠየቀን የልደት ቀን ነው። ደስ አለኝ። ለእሱ ልደት ከእኔ የተሻለ ምስክር ከየት ይመጣል? የተወለደው ጳጉሜ ሦስት ነው። ከሰፈር ልጆች ጋር በሩፋኤል ዝናብ እየጨፈርን ሳለ ነው «ወንድም መጣልሽ» ያሉኝ። ግን ሳጥኑ ውስጥ ያለው አሥራ ሁለት ወር ብቻ ነው። ጳጉሜን የት ላግባት? ልጁ በስልኩ ወደ ፈረንጅ ቀየረልኝ፤ ሴፕቴምበር ስምንት። ሞላነው። ስህተት ነው አለን።

ላብ አጠመቀኝ። አሰብኩ። ወንድሜን ትምህርት ቤት ያስመዘገብኩት እኔው ነኝ። መዝጋቢዋ «ጳጉሜ ምን ያደርግላችኋል» ብላ በመስከረም አንድ ጻፈችው፤ መታወቂያውም ፓስፖርቱም በዚያው ሄደ። መስከረም አንድ በፈረንጅ ሴፕቴምበር አሥራ አንድ ነው። ሞላነው። ስህተት። ከሥሩ ደግሞ ቀይ ጽሑፍ መጣ፦ አንድ ዕድል ብቻ ቀርቷል፤ ከተሳሳታችሁ ለሃያ አራት ሰዓት ይዘጋል።

«በቃ፣ እንዳትነካው!» ብዬ መጫወቻዋን ከእጁ ነጠቅሁ። ልጁ «ኣጆኺ» እያለ እስከ በሩ ሸኘኝ። ዓይናለም አካባቢ ወዳለው ቤታችን በምን እንደሄድኩ አላስታውስም።

ለልጄ መጫወቻሽ ቻርጀሯ ተበላሽቶ ሱቅ ናት ብዬ ዋሸኋት። እራት ስንበላ ግን ዝም ብዬ መቀመጥ አልቻልኩም፤ ነገሩን እንደ ቀላል አስመስዬ «የአጎትሽ ልደት መቼ ነበር?» አልኳት።

«በፈረንጆች አዲስ ዓመት ነዋ።»

«ማን አለሽ?»

«መጫወቻዋ። ያን ቀን ስከፍታት ኬክ መጣ፤ በእንግሊዝኛ እንኳን ተወለድክ ይላል። አጎቴ የፈረንጅ ልጅ ነው እንዴ ብዬ ሳቅሁ።»

ሳህኑን ትቼ ተነሣሁ። አንድ፣ አንድ! ወንድሜ መስከረም አንድን ሳይቀይር እንዳለ ነው የከተተው። የመጀመሪያው ወር፣ የመጀመሪያው ቀን። ፈረንጆቹ ደግሞ ጃንዋሪ አንድ ብለው ተቀበሉት። የእኛ አስተማሪዎች ግማሾቹ ኢሜይል ሲከፍቱ ይህንኑ አድርገው፣ ኮምፒውተር ላይ ሰባትና ስምንት ዓመት አርጅተው የቀሩ ናቸው። ግን ዓመቱንስ? ቀኑን ሳይቀይር ዓመቱን ቀይሮ ቢሆንስ? የቀረኝ አንድ ዕድል ነው። አልጋዬ ላይ ሆኜ የልጄን ትንፋሽ እያዳመጥኩ፣ በእኛ ነው፣ በእነሱ ነው ስል ነጋ።

ሐሙስ ጠዋት ከርእሰ መምህሩ ፈቃድ ወስጄ፣ ልጄን ይዤ ሓወልቲ አካባቢ ካለ አንድ ሆቴል ካፌ ገባሁ። ዋይፋዩ ጥሩ ነው ይባላል። ጤና ጣቢያው እስከ ስድስት ሰዓት ነው። ለእሷ ሻይ በዳቦ፣ ለእኔ ማኪያቶ አዝዤ መጫወቻዋን አወጣኋት። ልጄ አየቻት። ባዶ መሆኗንም አየች። ዳቦዋን ሻዩ ውስጥ ነከረች።

አንድ፣ አንድ ብዬ ሞላሁ። ዓመቱን በእኛ አቆጣጠር ጻፍኩ። ቀኑንና ወሩን እንዳለ የተወ ሰው ዓመቱ ላይ ምን ብልጥ ያደርገዋል? በስመ አብ ብዬ ተጫንኩት። ክቡ ነገር ዞረ፣ ዞረ፣ ዞረ። ከዚያ ሌላ ጥያቄ አመጣ፦ እናትህ የተወለደችው የት ነው? እሱማ ቀላል ነው! አዲስ ቁልፍ ቃል አወጣሁ፣ ገባሁ። የተገዙ የሚለው ዝርዝር ውስጥ ሦስቱም ተደርድረዋል፤ እንቁራሪቷ ውኃዋን እንደተሸከመች መሐል ላይ ቆማለች። እንባዬ መጣ። አጠገቧ ያለችውን የማውረጃ ቀስት ነካሁ።

አራት ሰዓት ላይ የወረደው ገና ሩቡ ነበር። አምስት ሰዓት ላይ ከግማሽ አለፈ። ሁለተኛ ማኪያቶ፣ ሦስተኛ ማኪያቶ፤ ልቤ በማኪያቶው ይሁን በፍርሃቱ እንጃ፣ ከደረቴ ሊወጣ ነው። ትንሽ ሲቀረው መብራት ጠፋ። ካፌው ውስጥ ያለው ሰው በሙሉ እስኪያየኝ «ኧረ አይደረግም!» ብዬ ጮህኩ። አስተናጋጇ ሮጣ ጄኔሬተር አስነሣች። ከቆመበት ቀጠለ። ልጄ ይህን ሁሉ ጊዜ ወንበሯ ላይ እግሯን እያወዛወዘች የምታየው መጫወቻዋን አልነበረም፤ እኔን ነበር። ያኔ ልብ አላልኩትም።

ሲያልቅ ባጃጅ ውስጥ ዘለን ገባን። «ቶሎ በል፣ ወንድሜ፣ ቶሎ!» ለስድስት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ሲሆን ደረስን። ሲስተሯ ካርዱን ተቀብላ «ዛሬስ ቀራችሁ ብዬ ነበር» አለች። ልጄ ጫማዋን አወለቀች፣ በሆዷ ተኛች። እኔ መጫወቻዋን ከፍቼ ፊቷ አስቀመጥኩላት፤ እንቁራሪቷ ከተራራው ሥር፣ ከመጀመሪያው ድንጋይ ላይ ቆማ ትጠብቃለች። የወጣችው ሁሉ ጠፍቷል።

ልጄ መጫወቻዋን በአንድ እጇ ወደ እኔ ገፋች።

«እማዬ፣ አንቺ ተጫወቺ።»

«አትቀልጂብኝ! ያዢ፣ ሲስተር እየጠበቀችሽ ነው።»

«መርፌውን እኮ ለምጄዋለሁ» አለች። ዞራ አላየችኝም፤ አገጯን ክንዷ ላይ አስደግፋ ነው የምታወራው። «የምጫወተው ፊትሽን እንዳላይ ነው። ፊትሽን ሳይ የምሞት ይመስለኛል።»

ሲስተሯ በአልኮል የነከረችውን ጥጥ ይዛ ቆመች። ዓመት ተኩል ሙሉ ራስጌዋ ቆሜ፣ ደረቷ ከፍ ዝቅ ማለቱን እየቆጠርኩ፣ ልጄን ስጠብቃት የኖርኩ ነበር የመሰለኝ። ለካ እሷ የምታየው ያን ፊቴን ነው።

ራስጌዋ ካለው አግዳሚ ላይ ተቀምጬ መጫወቻዋን ያዝኩ። እንዴት እንደምትነካ እንኳ አላውቅም። እንቁራሪቷ በመጀመሪያው ዝላይ ገደል ገባች።

«አይደለም እማዬ! ቀኙን ተጫኚ፣ ከዚያ ዝለይ።»

ተጫንኩ፤ ደግሞ ወደቀች። ዓይኔን አላነሣሁም። ልጄ ከአልጋው ላይ አንገቷን አስግጋ ታስተምረኛለች። «እሱ ድንጋይ ይንሸራተታል፤ ቆይ፣ ቆይ፣ አሁን በቀ...»

ቃሉ መሐል ላይ ድምፅዋ ተቆረጠ። መርፌው መግባቱን ያወቅሁት በዚያ ነው። እጄ ደረቀ፣ ግን ቀና አላልኩም። ትንፋሿን ስትስብ ሰማሁ።

«...በቀኝ» አለች፤ ድምፅዋ ቀጥኗል። «ዝለይ እማዬ።»

ዘለልኩ።